በገና የሚቃኘው በደርዳሪው ድምፅ ነው

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፣

በጋዜጣችሁ በየሳምንቱ የሚወጣውን ልብ ወለድ ከመጀመሪያው ክፍል ጀምሮ እየተከታተልኩ ነው። በድምፅ ንዝረት የሌላ ዓለም በር የሚከፍተውን የምስጢር ማኅበር ታሪክ ማለቴ ነው። ቅዳሜ ጠዋት እሱን ሳላነብ ሥራ አልጀምርም። ደራሲው ይችልበታል። ባለፈው ክፍል ግን ማኅበሩ በሩን የከፈተው በበገና ነው። አሥሩም አውታሮች ከጥንት በተደበቀው ቁጥር፣ በ432 ኸርዝ ሲቃኙ ግድግዳው ተሰነጠቀ ይላል። ዝም ማለት አልቻልኩም።

በገና እሠራለሁ፣ አስተምራለሁም። ሃያ ሁለት ዓመት ሆነኝ። ያ ክፍል በወጣ በሦስተኛው ቀን አንድ ተማሪዬ ስልኩን ይዞ መጣ። ከጀመረ ገና አራት ወሩ ነው፤ ጣቱ ግን ጎበዝ ነው። "ጋሼ፣ በ432 ይቃኙልኝ" አለኝ። ስልኩ ላይ የመቃኛ አፕ ጭኗል። አንዱን አውታር መታሁለት። የአፑ መርፌ ወዲያና ወዲህ ዋዠቀች፣ አልቆም አለች። ልጁ ስልኩ የተበላሸ መሰለው።

ስልኩ ደህና ነበር። የበገና ድምፅ እንደ ጊታር ጥርት ብሎ አይወጣም። አውታሮቹ የሚያርፉበት ብርኩማ ሰፊ ነው። በእያንዳንዱ አውታርና በብርኩማው መካከል ትንሽ ቁራጭ ቆዳ ትገባለች፤ እንዚራ የምንላት እሷ ናት። አውታሩ ሲርገበገብ ብርኩማውን ይነካል፣ ይለቃል፣ መልሶ ይነካል። ያ እንደ ንብ ቀፎ የሚያጉረመርመው ድምፅ የሚመጣው ከዚህ ነው። ከአንድ ምት ብዙ ድምፅ ስለሚወጣ አፑ የቱን እንደሚይዝ ግራ ይገባዋል።

እንዚራ ማስተካከል ከሥራው ሁሉ የምወደው ነው። ቆዳዋን በጥፍሬ ይዤ የፀጉር ያህል ወደ ራሴ እስባታለሁ። አውታሩን እመታለሁ፤ ድፍን ነው፣ እንጨት የመታሁ ይመስላል። ትንሽ መልሼ እገፋታለሁ። አሁንም ድፍን። አንዲት ቦታ ላይ ስትደርስ ግን ድምፁ በአንድ ጊዜ ይፈታል፤ የበገናው የድምፅ ሣጥን፣ ገበቴው፣ ሲንቀጠቀጥ እስከ ደረቴ ይሰማኛል። ደራሲው በር ከፈለገ እኔ የማውቀው በር ይኸ ነው።

ወደ ቁጥሩ ልምጣ። 432 የሚባለው "ላ" (A) የተባለው የአንድ ኖታ ልክ ነው። አሥር አውታር በአንድ ቁጥር ከተቃኘ ዜማ የለም፤ ቅኝታችን አምስት የተለያየ ድምፅ ይፈልጋል። የተደበቀም አይደለም። ፈረንሳዮች እ.ኤ.አ. በ1859 "ላ"ን 435 ብለው በሕግ ወሰኑ። ኢጣሊያዊው የሙዚቃ ደራሲ ቬርዲ በ1884 ደብዳቤ ጽፎ 432ን ደገፈ። ዛሬ የሚሠራበት 440 በ1939 ለንደን ላይ በተደረገ ጉባኤ ተመረጠ፣ በ1955 ዓለም አቀፍ የደረጃዎች ድርጅት አጸደቀው። ሁሉም በአደባባይ የሆነ ነው። ደግሞስ ኸርዝ በሰከንድ ስንት ጊዜ ተርገበገበ ማለት አይደል? ሰከንድን የለካው ሰው ነው። ሰከንድ ትንሽ ብትረዝም ኖሮ ያው ድምፅ ሌላ ቁጥር ይኖረው ነበር።

ድምፅን ምስጢር ያደረገ ማኅበር ጨርሶ አልነበረም አልልም። ከ2500 ዓመት በፊት የግሪኩ ፈላስፋ የፒታጎረስ ተከታዮች ደቡብ ኢጣሊያ ውስጥ ክሮቶን በምትባል ከተማ ነበሩ። አዲስ ገቢ አምስት ዓመት በዝምታ እንዲያዳምጥ ይደረግ ነበር ይባላል። ከሚወደሱበት እውቀት አንዱ ግን አውታርን እግማሹ ላይ ብትይዘው ያው ድምፅ ቀጥኖ ይወጣል የሚል ነው። ይህን የእኛ አገር መሰንቆ መቺ ልጅ በጣቱ ያውቀዋል።

ለተማሪዬ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጥና አንተ ቀድመህ ዘምር አልኩት። አፈረ። ቆይቶ ቀስ ብሎ ጀመረ። ድምፁ ከእኔ በጣም ይቀጥናል። መቃኛዎቹን አንድ በአንድ አጥብቄ በገናውን ወደ እሱ ድምፅ አመጣሁት። እኛ የምንቃኘው እንዲህ ነው። ነገ ሌላ ተማሪ ሲመጣ ያው በገና ሌላ ይሆናል። ስቃኝ ጠረጴዛው ላይ የነበረችው የሻይ ብርጭቆ በአንዱ አውታር ብቻ ማስቀመጫዋ ላይ መንቀጥቀጥ ጀመረች። አውታሩን ትንሽ ሳጠብቀው ዝም አለች፤ በምትኳ የማጣበቂያው ቆርቆሮ ተንጫጫ። ዕቃ ሁሉ የራሱ ንዝረት አለው፣ የሚገጥመው ድምፅ ሲመጣ ይመልሳል። የፊዚክስ መምህራን ሬዞናንስ ይሉታል። ልጁ ስልኩን ረስቶ ከአንዱ አውታር ወደ ሌላው እየሄደ የትኛው ዕቃ እንደሚመልስለት ሲፈልግ አመሸ።

ድምፅ ወደ ሌላ ዓለም ያደርሳል የሚለውን ሐሳብ አልቃወምም። ያደግሁበት ነው። ቅዱስ ያሬድ በሦስት ወፎች ተመርቶ የሰማይ ካህናትን ዜማ ሰማ ብለን እናምናለን። የሰማውን ግን አልደበቀም። አክሱም ጽዮን ገብቶ ሕዝብ ፊት አዜመው፣ ከዚያም አስተማረው። የእኛም ትምህርት መንገዱ ያው ነው። በገና ተደብቆ ሲቀር ይሞታል። አንድ ደርዳሪ ሳያስተምር በሄደ ቁጥር አንድ የአደራደር ስልት አብሮት ይሄዳል፤ ይኸ ያስጨንቀኛል። ደራሲው ብዙ ወጣት አንባቢ አለው። እነሱ ቁጥር ፍለጋ ስልክ ላይ ሲያፈጡ ባይቀሩ ደስ ይለኛል።

ስለዚህ አንድ ልመና አለኝ። በሚቀጥለው ክፍል ባለታሪኩ በገናውን በራሱ ድምፅ ይቃኘው። እንዴት እንደሚደረግ ማየት ከፈለገ ደራሲው ወደ ሥራ ቤቴ ይምጣ፣ እንዚራውን ራሱ ይሞክረው። አድራሻዬን ከዚህ ደብዳቤ ጋር ለእርስዎ ልኬያለሁ። ከሁዳዴ በፊት ቢመጣ ይሻላል፤ ጾሙ ሲገባ ተማሪ ስለሚበዛ መቀመጫ አይኖረኝም።

ከአክብሮት ጋር
የበገና ሠሪና መምህር፣ ከአዲስ አበባ