የጊዜ አምላክ ከአሸዋ ሰዓት አይወለድ

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

ጋዜጣችሁ በሥነ ጽሑፍ ገጹ ላይ ምናባዊ ዓለም የሚፈጥሩ ወጣቶችን ትረካ ማስተናገድ በመጀመሩ ከልቤ አመሰግናለሁ። ዛሬ የምጽፈው ግን በእነዚህ ትረካዎች ደጋግሞ ስለሚመጣ አንድ ገጸ ባሕርይ፣ ስለ ጊዜ አምላክ፣ የምለው ስላለኝ ነው።

ደሴ ውስጥ ቅዳሜ ቅዳሜ እየተሰበሰብን ጽሑፋችንን የምንነባበብ ጥቂት ሰዎች አለን። እዚያ ካየኋቸው ረቂቆች በብዙዎቹ የጊዜ አምላክ በአንድ እጁ የአሸዋ ሰዓት፣ በሌላው ረጅም ማጭድ የያዘ ጢማም ሽማግሌ ነው። በአንደኛው ረቂቅ ደግሞ የቤተ መቅደሱ ደወል እኩለ ሌሊት ላይ አሥራ ሁለት ጊዜ ይደወላል። ጸሐፊው ተወልዶ ባደገበት ከተማ እኩለ ሌሊት ስድስት ሰዓት ነው፤ አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሞላ ጎህ ይቀዳል። ይህ ልጅ ዕድሜውን ሙሉ የኖረበትን የሰዓት አቆጣጠር ራሱ በፈጠረው ዓለም ውስጥ ቦታ ሳይሰጠው መቅረቱ በጣም አሳዝኖኛል።

አማርኛችን እኮ ጊዜን እንደ ሕያው አካል መናገር ከጀመረ ቆይቷል። ቀን ይሰጣል፣ ቀን ይነሣል፣ ቀን ይጥላል፣ ቀን ይከዳል። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. አገሩን የፈጀው ረሃብ «ክፉ ቀን» ተብሎ ሲጠራ ስሙ የወጣለት ለድርቁ ወይም ለከብት በሽታው ሳይሆን ለራሱ ለቀኑ ነው። በወሎ ደግሞ የ1966ቱንና የ1977ቱን ረሃብ ያዩ፣ በልግ ሲቀር ክረምትን፣ ክረምት ሲቀር የሚቀጥለውን በልግ ሲጠብቁ የኖሩ ሰዎች «ቀን ያልፋል» ሲሉ፣ ደጅ የሚጠናና ፊቱን የሚያዞር አንድ ኃይል በዓይነ ኅሊናቸው እንደሚታያቸው ከአነጋገራቸው ይገባኛል። የጊዜን አምላክ ለመፍጠር ለሚነሣ ደራሲ ከዚህ የበለጠ መነሻ ከየት ይገኛል?

የቁጥሩም ነገር እንዲሁ ነው። በባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም በቤተ ክርስቲያን የዘመን አቆጣጠር ስሌት፣ አንድ ዕለት በ60 ኬክሮስ ይከፈላል፤ ስለዚህ አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ይሆናል። ዓመቱ ባለ 30 ቀን አሥራ ሁለት ወሮች አሉት፤ ከዚያ አምስት፣ በዘመነ ሉቃስ ደግሞ ስድስት ቀን ይተርፋል። ጳጉሜን የሚለው ስም ራሱ ከግሪክኛ የመጣ ሲሆን ትርጉሙም ተጨማሪ ማለት ነው። የጥንት ግብጻውያን እነዚህን አምስት ቀኖች ከአማልክቶቻቸው ልደት ጋር አያይዘው ይተርኩ ነበር፤ ኦሲሪስም ኢሲስም የተወለዱት በእነርሱ ነው። የዓባይ ጎረቤቶቻችን በትርፍ ቀኖች ላይ ይህን ያህል ከገነቡ እኛ ምን ያግደናል?

የሐረጎን ዳገት ወጥታ ከኮምቦልቻ የምትመጣ አንዲት ወጣት ይህን ስንነጋገር ሰምታ «ትሩፍ» የተባለ አምላክ ይዛልን መጣች። በእርሷ ዓለም አሥራ ሁለቱ አማልክት ወሮቹን ሲካፈሉ አጭሯን ወር የሚፈልግ ጠፋ፤ ትሩፍ ብቻ «ለእኔ ትበቃኛለች» ብሎ ወሰዳት። ስሙ በግእዝ የተረፈ ማለት ነው፤ የበለጠ፣ የላቀ ማለትም ነው። ሰሙንና ወርቁን በአንድ ቃል ማግኘቷ እስካሁን ያስደንቀኛል።

ከአምላኩ ይልቅ ግን የልቤን ያደረሰው አምልኮው ነው። ቤተ መቅደሱ የቆመው ጦሳን በመሰለ ተራራ ላይ ነው፤ ክረምት ሲገባ ጉሙ ስለሚጫነው ሕዝቡ በፀሐይ ሰዓት መለየት አይችልም። ስለዚህ ከጣሪያው ሥር ታችዋ የተበሳ ቅል ይሰቀላል፤ ውኃው ጠብ ጠብ እያለ ከሥሩ ባለው ድንጋይ ላይ ይወርዳል። ቅሉ አንድ ጊዜ ተሞልቶ እስኪያልቅ አንድ ኬክሮስ ነው፤ ቀጂዎች የሚባሉት ካህናትም በቀንና በሌሊት ስድሳ ጊዜ ይሞሉታል። «ጊዜ የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል» የሚለው የአባቶች ተረት በዚያ አገር ተረት መሆኑ ቀርቶ ሃይማኖት ሆኗል፤ ድንጋዩ የተበሳ ዕለት ዘመኑ ይፈጸማል ብለው ያምናሉ። እናቶች የልጆቻቸውን ጣት በድንጋዩ ጎድጓዳ ውስጥ እያስገቡ ይለካሉ፤ ልጁ አድጎ የራሱን ልጅ ይዞ ሲመለስ ጎድጓዳው የጠለቀው በአንድ ፀጉር ያህል ነው። በትርፎቹ ቀኖች ቅሉ ይደፋል። አበዳሪ ዕዳ አይጠይቅም፣ የማንም ዕድሜ አይቆጠርም፣ የሞተ ሰው ቢኖር እንኳ እንደ ሞተ የሚነገረው ቅሉ ዳግም ሲሞላ ነው። ይህችን የመጨረሻዋን ሥርዓት ስታነብልን ቤቱ ጸጥ አለ።

አምልኮ እንዲህ ሲጻፍ የሕዝቡን ፍርሃትና ተስፋ ያሳያል። ቀጂዎቹ እርስ በርሳቸው ይከራከራሉ፤ ቅሉ አርጅቶ ሲለወጥ ዘመኑም ይለወጣል ወይ? በቆላው ያሉ ነጋዴዎችስ ዘመኑ እንዳያልቅባቸው ድንጋዩን በብረት ለመክደን ቢያስቡ? ከዚህ ክርክር ሙሉ ልብ ወለድ ይወጣል።

አዛንና ቅዳሴ ጎን ለጎን በሚሰማባት ከተማችን አምላክ ፈጥሮ መጻፍን እንደ ድፍረት የሚያዩ አሉ፤ ሐሳባቸውን አከብራለሁ። ሆኖም ትሩፍ የሚመለከው በተረቱ ውስጥ ባሉ ሰዎች ብቻ ነው፤ አያቶቻችንም በእሳት ዳር ጅብና አንበሳን እያናገሩ ሲያሳድጉን እምነታቸውን አልነካባቸውም።

ክቡር አዘጋጅ፣ አንድ ልመና አለኝ። የጳጉሜን ዕትማችሁን የሥነ ጽሑፍ ገጽ ለእንዲህ ያሉ ጽሑፎች ልቀቁልን። ወጣቷ ደራሲ እስካሁን ያልፈታችው ስድስተኛው ቀን በማን እጅ እንደሚወድቅ ነው፤ ትሩፍ የተቀበለው አምስት ቀን ብቻ ነበርና። በ2019 ዓ.ም. ጳጉሜን ስድስት ቀን ትሆናለችና ከአንባቢዎቻችሁ መካከል እስከዚያ መልስ የሚልክላት ቢገኝ ደስታዬ ወሰን የለውም።

ከአክብሮት ጋር፣
አንባቢያችሁ፣ ከደሴ