ልጄ ዲናሞ ማጥፋት የተማረችው ከእኔ ነው

ለአዘጋጁ፣

ጤና ይስጥልኝ። ስለ ሥነ ምግባር መውደቅ የምታወጧቸውን ጽሑፎች እከታተላለሁ። አብዛኞቹ ስለ ሙስና፣ ስለ ጉቦ፣ ስለ ትልልቅ ሌቦች ናቸው። ይጻፍ፣ ተገቢ ነው። እኔ ግን የምጽፍላችሁ ስለ አንድ የውሃ ዲናሞ ነው። ክርስቲያን ነን በምንል ሰዎች ቤት ጠባይ እንዴት እንደሚበላሽ፣ እንዴትስ እንደሚታነጽ ያየሁት በሱ ነውና።

የምኖረው አዲስ አበባ ዳር፣ ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም፣ ምድር ቤት ነው። ውሃ የሚመጣልን በፈረቃ ነው፣ በሳምንት ሁለቴ። ሲመጣም ግፊት የለውም። ስለዚህ ምድር ቤትና አንደኛ ፎቅ ያለነው ተራ በተራ ዲናሞ ገዛን። ዲናሞው ከመስመሩ ይስባል፣ የእኛ ሮቶ ይሞላል፣ ላይ ያሉት ቧንቧ ሲከፍቱ አየር ብቻ ያፏጫል። አራተኛ ፎቅ አንዲት እናት አሉ፤ ብቻቸውን ናቸው፣ ጉልበታቸውን ያማቸዋል። ውሃ የሚጠጡት ለጀሪካን ተሸካሚ ከፍለው ነው። ይህን ብሎካችን ውስጥ የማያውቅ የለም። ክፉ ሰዎች ሆነን አይደለም። ደረጃ ላይ ስንገናኝ ጉንጭ ለጉንጭ ተሳስመን፣ «እግዚአብሔር ይመስገን» ተባብለን ነው የምንለያየው።

አምና በዐቢይ ጾም፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ገደማ፣ ውሃ መጥቶ ዲናሞው ይሠራል። የ9 ዓመት ልጄ ጠረጴዛው ላይ የቤት ሥራዋን ትሠራለች። ደረጃው ላይ ኮቴ ተሰማ። ልጄ ተነሳች፣ ድምፁ እንዳይሰማ ዲናሞውን አጠፋች፣ ኮቴው አልፎ ወደ ላይ እስኪርቅ ቆማ ጠበቀች። ከዚያ መልሳ አበራችውና እርሳሷን አነሳች። ማንም አላዘዛትም። ቀና ብላ እንኳ አላየችኝም።

ክው አልኩ። ሁልጊዜ እንደዚያ የማደርገው እኔ ነኛ! «ሰው ሲመጣ አጥፊ» ብያት አላውቅም። እሑድ እሑድ ሰንበት ትምህርት ቤት እወስዳታለሁ፣ ዐሠርቱን ትእዛዛት በቃሏ ትወጣቸዋለች፣ ትምህርት ቤትም የግብረ ገብ ፈተናዋን ጥሩ ነው የምትሠራው። አፏ ሁሉንም ያውቃል። እጇ ግን የተማረው ከእጄ ነው።

የእንቁላሉን ሌባ ተረት ሁላችንም ሰምተን ነው ያደግነው። ልጁ እንቁላል ሰርቆ ሲመጣ እናቱ ዝም አለችው፣ እያደር በሬ ሰረቀ፣ በመጨረሻ ሊሰቀል ሲል «በእንቁላሉ ጊዜ በቀጣሽኝ» አላት። እኔ ከዚያች እናት እብሳለሁ። እሷ ዝም ነው ያለችው፣ እኔ ግን አሳየሁ።

ቅዱስ ዮሐንስ አፈወርቅ ስለ ልጅ አስተዳደግ ሲያስተምር የልጅን ነፍስ በከተማ ይመስላታል። ዓይን፣ ጆሮ፣ ምላስ፣ ማሽተት፣ መዳሰስ የከተማዋ በሮች ናቸው፤ በየበሩ የሚገባውንና የሚወጣውን መጠበቅ የወላጅ ሥራ ነው ይላል። ትምህርቱን ድሮም አውቀው ነበር። ስለ መጥፎ ፊልምና ስለ ስድብ ብቻ ይመስለኝ ነበር። የልጄ ጆሮ በገዛ ቤቷ ኮቴ ማዳመጥ ሲለምድ ግን በር ጠባቂው እኔ ነበርኩ።

ንስሐ መግባት ፈለግሁ። እዚህ ላይ ከከተማ ዳር የምንኖር ሰዎች የሚገባን ነገር አለ። ከመሀል ከተማ ስንወጣ ይዘን የወጣነው ሶፋና አልጋ ነው። እድሩ እዚያው ቀረ፣ ጽዋው ተበተነ፣ የሌላ ሰው ልጅ ሲያጠፋ እንደ ራሷ ልጅ የምትቆጣ ጎረቤት ቀረች፣ ሳይጠሩ ደጅ የሚመጡት የንስሐ አባት ቀሩ። የእኔ የንስሐ አባት ቤት የገባን ሰሞን ጠበል ሊረጩልን መጥተው ነበር፣ ከዚያ ወዲህ በበዓል በስልክ እንኳን አደረሰዎ ከማለት አላለፍኩም። ታክሲ ቀያይሬ ሄድኩና ሁሉንም ነገርኳቸው።

ስግደት ጠብቄ ነበር። እሳቸው ግን ትንሽ ዝም ብለው «አራተኛ ፎቅ ድረስ ስንት ደረጃ ነው?» አሉኝ። አላውቅም አልኳቸው። ስድስት ዓመት ኖሬበት ቆጥሬው አላውቅም። «እንግዲያው ትቆጥረዋለህ። ጾሙ እስኪፈታ ውሃ በመጣ ቁጥር ሁለት ሁለት ጀሪካን አድርስላቸው። ልጅህም አብራህ ትውጣ» አሉኝ። ስለ ዲናሞውስ ብዬ ስጠይቃቸው «እሱን አንተ ታውቀዋለህ» ብለው አሰናበቱኝ።

72 ደረጃ ነው። ባለ 20 ሊትር ጀሪካን 20 ኪሎ ይመዝናል፣ ሁለት ጊዜ መመላለስ ነው። ልጄ የዘይት ጀሪካን ባለ 5 ሊትር ይዛ ትከተለኛለች። የመጀመሪያ ቀን እማማ በሩን ሲከፍቱ ምን ልበላቸው? «ተርፎን ነው» አልኳቸው። ውሸት። ልጄ አጠገቤ ቆማለች። ማታ እንቅልፍ አልወሰደኝም። በሚቀጥለው ፈረቃ ጀሪካኑን አስቀምጬ «እማማ፣ ይሄ ውሃ ድሮም የእርስዎ ነው፣ እኛ በዲናሞ እየሳብን ነው የማይደርስዎት» አልኳቸው። «አውቃለሁ ልጄ፣ ሌሊት ሌሊት ድምፁ ይሰማኛል» አሉኝ። ሌላ ምንም አልተናገሩም። የቆሎ ሰሃን አምጥተው ለልጄ በእፍኟ ሰጧት።

በሦስተኛው ሳምንት ሰለቸኝ። ከሥራ ደክሜ ስመጣ፣ ወገቤን ሲያመኝ፣ ለምን እኔ ብቻ፣ ጎረቤቶቼስ እያልኩ እየተነጫነጭኩ ነው የወጣሁት። ፍቅር አልነበረም፣ የወጣሁት ቀኖና ስለሆነብኝ ብቻ ነው። እውነቱን መናገር አለብኝ፣ ምክንያቱም ብዙ ስብከት ላይ ሰው ልቡ ከተነካ በኋላ መልካም እንደሚሠራ ነው የሚነገረን። በእኔ የሆነው በተገላቢጦሹ ነው። እግሬ ቀድሞ ወጣ፣ ልቤ ከኋላ እየጎተተ ተከተለ። ሆሳዕና ሲደርስ ውሃ መጣ ሲባል መጀመሪያ የማነሳው የእማማን ጀሪካን ሆኖ አገኘሁት፣ መቼ እንደለመድኩት አላውቅም።

ሰኔ 24 የምናከብረው ሙሴ ጸሊም ወንበዴ ነበር፤ መንኩሶም አሮጌው ጠባዩ አልለቅ ብሎት ተስፋ ሲቆርጥ አባ ኤስድሮስ ሌሊት ሰገነት ላይ አወጡት ይባላል። ጎሕ ሲቀድ አብረው አዩ። ብርሃን ጨለማውን ቀስ በቀስ እንደሚገፋው የአንተም እንደዚያው ነው አሉት። ሐዋርያው ጳውሎስም በገላትያ መልእክቱ ፍቅርን፣ ትዕግሥትን፣ ራስን መግዛትን ሲቆጥር የመንፈስ ፍሬ ብሎ ነው የሚጠራቸው። ገበሬ ፍሬ ዛሬ ተክሎ ነገ አይለቅምም።

ቅሬታዬን ልናገር። በዳር ሰፈሮቻችን ቤተ ክርስቲያኖች እየተሠሩ ነው። ደስ ይለኛል፣ እንደ አቅሜም አዋጣለሁ። ግን ከጉባኤ ጉባኤ የምሰማው ስለ ሕንፃ ማሠሪያ ገንዘብ ነው፣ ስለ ተአምር ነው፣ ወይም ስለሌሎች ስሕተት ነው። መጥምቁ ዮሐንስን ሕዝቡ «እንግዲህ ምን እናድርግ?» ብሎ ሲጠይቀው ለየሙያው ነው የመለሰለት። ሁለት ልብስ ያለው ለሌለው ያካፍል አለ። ቀራጩን ከታዘዘልህ አትጨምር፣ ወታደሩን ግፍ አትሥራ፣ ደመወዝህ ይብቃህ አለው። እንደዚህ ያለ ስብከት ስለ ሚዛን፣ ስለ ማታ የታክሲ ሂሳብ፣ ስለ ደላላ ኮሚሽን፣ ስለ ዲናሞ ሰምቼ አላውቅም። ሁላችንም ጾመን ነው የምንሳረቀው። 55 ቀን ወተትና ሥጋ ስንተው እጃችንን ከሰው ድርሻ ላይ ካላነሳን፣ ኢሳይያስ ምዕራፍ 58 ላይ የተነቀፈው ጾም የእኛ ነው።

ጴንጤ ጎረቤቶቻችን በየሳምንቱ በየቤቱ ኅብረት አላቸው፤ የማን ልጅ እንደታመመች፣ ማን ሥራ እንዳጣ ያውቃሉ። ይህን ከእነሱ ብንማር ምን ይጎዳናል? (የእነሱም ዲናሞ ያው ሲስብ እንደነበር ሳልናገር ባልፍ ግን ለእውነት አልቆምኩም።)

ካህናት አባቶቻችንን የምለምነው በየብሎኩ የንስሐ አባት እንዲመድቡልን ነው፤ የሚደውሉልን ሳይሆን ደጃችን የሚመጡ፣ ሮቷችንን የሚያዩ። የሰንበት ትምህርት ቤት መምህራንን ደግሞ ልጆቹ ከመዝሙሩና ከጥናቱ ጋር የሚሸከሙት ነገር ይሰጣቸው እላለሁ። አንድ የታመመ ሰው፣ አንድ አረጋዊ፣ አንድ ጀሪካን።

ብሎካችን ውስጥ ተነጋግረን ነበር። እስከ ሌሊቱ 6 ሰዓት ማንም ዲናሞ እንዳያበራ ተስማምተናል፣ የሚያከብሩም የማያከብሩም አሉ። የእኔን ነቅዬ አልጋ ሥር አድርጌዋለሁ። ቀኖናው በፋሲካ ቢያበቃም እስካሁን እንወጣለን። ልጄ ግን ዛሬም ማታ እየጻፈች ደረጃው ላይ ኮቴ ስትሰማ እጇ ቆም ይላል፣ ዓይኗ ዲናሞው ወደነበረበት ጥግ ይሄዳል። ትናንትም አየኋት። ነገ ሐሙስ ነው፣ ውሃ ይመጣል፤ ባለ 5 ሊትሯን ከወዲሁ አጥባ በር ሥር አስቀምጣለች።

አንባቢያችሁ፣
ከቱሉ ዲምቱ