ሰብለ፣ ወረቀቱን ሳላየው እንዳትፈርሚ

ልጄ ሰብለ፣

ወንድምሽ ትናንት ማታ ደውሎ ነገረኝ። ሥራዋን ልትለቅ ነው አለኝ። መጽሐፏን የሚያሳትምላት ሰው አግኝታለች፣ አርብ ትፈራረማለች አለኝ። ደስ አለኝ። ወዲያው ደግሞ ሆዴ ባር ባር አለ። ለምን ራስሽ አልነገርሽኝም? እሺ፣ እሱን ስንገናኝ እናወራዋለን። አሁን የምልሽ አንድ ነገር ነው፤ ወረቀቱን እኔ ሳላየው እንዳትፈርሚ።

«ፎርሳይዝም እኮ በ35 ቀን ጽፎ ነው የከበረው» ብለሽዋል አሉ። እንግሊዛዊውን የልቦለድ ደራሲ ፍሬድሪክ ፎርሳይዝን ያስተዋወቅኩሽ እኔ ነኝ። ሽፋኑ የተገነጠለው መጽሐፍ ዛሬም ሳሎን መደርደሪያው ላይ አለ። የ12ኛ ክፍል ፈተና ሲደርስ ደብቄብሽ፣ ቁም ሳጥኑ ላይ አግኝተሽ በአንድ ሌሊት የጨረስሽው። ስለዚህ የሰውየውን ታሪክ ካነሳሽ አይቀር ሙሉውን እናንሳው፤ ግማሹን ብቻ ይዘሽ እንዳትሄጂ።

35ቱ ቀን እውነት ነው። ከናይጄሪያ ልገንጠል ካለችው ከቢያፍራ ጦርነት ኪሱ ባዶ ሆኖ ለንደን ተመለሰ። ሥራ የለው፣ ቤት የለው፣ በፈረንጆቹ ጥር 1970 ጓደኛው ቤት ተጠግቶ በአሮጌ የጽሕፈት መኪና «ዘ ዴይ ኦፍ ዘ ጃካል»ን፣ የፈረንሳዩን ፕሬዚዳንት ደጎልን ሊገድል ስለተቀጠረ ሰው የሚተርከውን ልቦለድ፣ ጻፈ። ግን ከዚያ በፊት ያለውን ቁጠሪ። አባቱ አሽፎርድ የምትባል ከተማ ነጋዴ ነበሩ፤ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ልጃቸውን ፈረንሳይና ጀርመን ሰው ቤት እየላኩ ቋንቋ አስለመዱት። በ19 ዓመቱ የአየር ኃይል አብራሪ ሆነ። ከዚያ ጋዜጠኛ ሆነና በ1962 ሮይተርስ ፓሪስ ላከው። ያን ጊዜ ደጎልን ለመግደል የሚያሴሩ ሰዎች ነበሩ፤ በዚያው ዓመት ነሐሴ ውስጥ ፔቲ ክላማር ላይ የፕሬዚዳንቱን መኪና በጥይት ደብድበውታል። ይህ ወጣት እየተከታተለ ይዘግብ ነበር። ጠባቂዎቹን፣ ፖሊሶቹን፣ የከተማውን መንገድ ያወቀው ያኔ ነው። ታዲያ መጽሐፉ 35 ቀን ብቻ ፈጀ እንዴት ይባላል? እጁ ነው እንጂ 35 ቀን የሠራው፣ ጭንቅላቱማ ዓመታት ሠርቷል።

ያንቺም እንደዚያው ነው። የአረጋውያን መጦሪያው ውስጥ ያደርሽባቸው ዘጠኝ ዓመት ሌሊቶች ናቸው ይህን መጽሐፍ የጻፉልሽ። ስለዚህ ሥራውን ዛሬ አትልቀቂ። ቢያንስ ግማሽ ቀን እያልሽ ቆዪበት።

ሥራ መልቀቅ ሲነሳ ፎርሳይዝም ይሠራበት የነበረውን ቢቢሲን ለቋል። የለቀቀው ግን መጽሐፍ ልጻፍ ብሎ አልነበረም። በ1967 ቢያፍራ ላኩት፤ ጦርነቱ ሲረዝም አለቆቹ እዚያ እንዲቆይ አልፈለጉም። የሚራቡትን ሕፃናት ትቶ መምጣት አልሆነለትምና ለቆ በራሱ ተመለሰ። እኔ ያን ጊዜ ልጅ ነበርኩ። በፈረንጆቹ ነሐሴ 1968 የቢያፍራው መሪ ኦጁኩ እኛው ዘንድ፣ አዲስ አበባ መጥቶ ነበር፤ ጃንሆይ የሚመሩት የሰላም ንግግር ነበረ። አያትሽ ሬዲዮናቸው ላይ ጎንበስ ብለው ሲያዳምጡ ማንም ኮሽ አይልም። ንግግሩ ሳይሰምር ተበተነ። አባባ ሬዲዮኑን ዘግተው እራት አልበላም ያሉት ያን ቀን ነው።

ወደ ነገሬ ልመለስ። የፎርሳይዝን መጽሐፍ አራት አሳታሚ መለሰበት። ደጎል በሕይወት አሉ፣ እንዳልተገደሉ ዓለም ያውቃል፣ ታዲያ አንባቢ ምን ብሎ ይጓጓል አሉት። እሱ ደግሞ ጉጉቱ «ይሞታሉ ወይ» ላይ ሳይሆን «ገዳዩ እንዴት ያደርገዋል፣ እንዴትስ ይደርሱበታል» ላይ መሆኑን በአጭሩ ጽፎ ይዞ ዞረ። ሃቺንሰን የሚባለው አሳታሚ ተቀበለው፤ በ1971 መጀመሪያ ያተመው ግን 8,000 ቅጂ ብቻ ነው። የኋላ ኋላ መጽሐፎቹ ከ70 ሚሊዮን በላይ ተሸጡ።

አሁን ወንድምሽ ያልነገረሽን ስሚ። የፊልሙን መብት ሲሸጥ ሁለት ነገር ቀረበለት፤ 17,500 ፓውንድ ከትርፉ ትንሽ ድርሻ ጋር፣ ወይም ደግሞ 20,000 ፓውንድ አንዴ ተከፍሎት በቃ። 20,000ውን ወሰደ። ፊልሙ በ1973 ወጥቶ ዓለምን ዞረ። ቆይቶ ደግሞ፣ ስም ካተረፈም በኋላ፣ የሚያምነው የገንዘብ አማካሪ ጋር ያስቀመጠው ከ2 ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ጠፋበት። ሃምሳ ዓመት አልፎታል ያን ጊዜ። ይህ ሰው ለእንግሊዝ የስለላ ድርጅት ከ20 ዓመት በላይ ያግዝ እንደነበር በኋላ ራሱ የተናገረ ሰው ነው። ስንቱን አታላይ በልቦለድ ሲያጋልጥ የኖረ ሰው የራሱን ወረቀት አላየም። ሰብለ፣ እንዳትፈርሚ።

ወንድምሽ እንደሚለው ያንቺ ውል ውስጥ «የፊልምና የትርጉም መብትን ጨምሮ፣ ለዘለቄታው» የሚል አለ። ይህችን ቃል አውቃታለሁ።

በ1979 በእኛ አቆጣጠር ነው። ወንድምሽ ሊወለድ ሁለት ወር ቀርቶት ነበር። ሦስት ሲናርላይን ደብተር የሞላ ልቦለድ ጽፌ አንድ አሳታሚ 1,500 ብር እከፍላለሁ አለኝ። ወረቀቱን ቤት ይዤ ገባሁ። እናትሽ፣ ነፍሷን ይማርና፣ «ማታ እናንብበው፣ ጠዋት ትፈርማለህ» አለችኝ። መብራት ጠፍቶ ስለነበር ኩራዝ አበራች። እኔ ግን «የታወቀ ሰው ነው፣ ይታዘበናል» ብዬ እንደቆምኩ ጠረጴዛው ላይ ፈረምኩ። እሷ ኩራዙን እንደያዘች ቀረች። መጽሐፉ ሦስት ጊዜ ታተመ። አንድ ቀን አንበሳ አውቶብስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠች ልጅ ስታነበው አየሁ። ዓይኗን በነጠላዋ ትጠርጋለች። «እኔ ነኝ የጻፍኩት» ልላት አፌ ድረስ መጥቶ ተመለሰ። ሳልወርድ ሁለት ፌርማታ አለፈኝ። ሄጄ ብጠይቅ ፊርማዬን አሳዩኝ፤ «ለዘለቄታው» ይላል።

ገንዘቡ አይደለም የሚቆጨኝ። የሚቆጨኝ ከዚያ ወዲያ አለመጻፌ ነው። አኩርፌ ብዕሬን ሰቀልኩ። ፎርሳይዝ ያን ሁሉ ፓውንድ አጥቶ ተመልሶ ተቀመጠና ጻፈ፤ በሰኔ 2025 በ86 ዓመቱ እስኪያርፍ ድረስ ስንት መጽሐፍ ጨመረበት። እኔ በ1,500 ብር ቂም ዕድሜዬን ጨረስኩ። እናትሽ ስንት ጊዜ ደብተር ገዝታ ትራሴ ሥር አስቀመጠችልኝ መሰለሽ።

ስለዚህ የምልሽን አድርጊ። ውሉን ገጽ በገጽ ፎቶ አንስተሽ በቴሌግራም ላኪልኝ፤ ጥርት ይበል፣ ባለፈው የላክሽው ጭጋግ ነው። ለንደን ውስጥ የደራስያን ማኅበር አለ፤ ከ1884 ጀምሮ ያለ ነው። ለአባላቱ ውል ያነባል፤ መጽሐፍ ገና ያላሳተመም ቢሆን ውል ከቀረበለት መመዝገብ ይችላል። ነገ ደውይላቸው። መዋጮ ቢጠይቁሽ ከዕቁቡ ብር አንሺ፣ ወንድምሽን እኔ እነግረዋለሁ። አሳታሚውን ደግሞ አርብ አይመቸኝም በዪው። የእውነት መጽሐፉን የፈለገ ሰው ሳምንት ይጠብቃል። ካልጠበቀም ይሂድ። በፍጹም እንዳትፈርሚ፣ እናትሽን አስቢ።

ኮት ግዢ። በቪዲዮ ሳይሽ ያው የድሮው ነው።

እሁድ የጎረቤታችን ልጅ ወደዚያ ትበራለች፤ በርበሬና ሽሮ ይዛልሻለች። ከሥሩ በላስቲክ የጠቀለልኩት ደብተር አለ። ሁለተኛውን መጽሐፍ ጀምሬው ነበር፣ 41 ገጽ ነው። እናትሽ ብቻ ናት ያየችው። አንብቢውና የመሰለሽን ጻፊልኝ፤ ዳር ዳሩ ላይ በእርሳስ ብትጽፊበትም አይከፋኝም። ስትጨርሺ መልሰሽ ላኪልኝ፣ ሌላ ቅጂ የለውም።

አባትሽ