ክትባቱ ከብልቃጥ እስከ ዓይን ሲደርስ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፦

«አስከትቤ እያለ ፈንግል ጨረሰብኝ» የሚል ምሬት ከዶሮ አርቢዎች አፍ አይጠፋም (ፈንግል ዶሮ ፈጂው በሽታ ነው)፤ ወቀሳውም ሁሌ በመድኃኒቱ ላይ ነው። ሆኖም ቤት ውስጥ ሲከተብ ክትባቱ ብዙ ጊዜ የሚበላሸው በአያያዝ ነው።

ላሶታም ሆነ ኤችቢ ዋን የተባለው የፈንግል ክትባት የተዳከመ ግን ሕይወት ያለው ቫይረስ ነው። ሙቀት፣ ፀሐይና ክሎሪን ይገድሉታል፤ ሲሞት ደግሞ መልኩ ስለማይለወጥ ብልቃጡን አይቶ ማወቅ አይቻልም። ስለዚህ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይቀመጥ፣ ሲገዛም በበረዶ ተይዞ ይምጣ። ሙቀትን የሚቋቋም ዓይነት መኖሩ እውነት ነው፤ እሱም ቢሆን ፀሐይ ላይ አይተውም።

አብዛኛው ሰው የሚሳሳተው ዓይን ላይ በሚጣለው ጠብታ መጠን ነው። የ1,000 ዶሮ ክትባት በ30 ሚሊ ሊትር ሲበጠበጥ ለአንዷ የሚደርሳት 0.03 ሚሊ ሊትር ነው። ማንጠባጠቢያው ወፍራም ሆኖ 0.05 የሚጥል ከሆነ 600 ላይ ያልቃል። ያን ጊዜ «ላብቃቃው» ተብሎ ውሃ ከተጨመረ የቀሩት ከመጠን በታች ይከተባሉ። አስቀድሞ በንጹሕ ውሃ መሞከር ይበጃል፤ ከ1 ሚሊ ሊትር 33 ያህል ጠብታ መውጣት አለበት።

የሚበጠበጠው አብሮት በሚሸጠው ፈሳሽ ነው፤ ፈሳሹም ይቀዝቅዝ። ብልቃጡን ቀስ አድርጎ ማዟዟር እንጂ አረፋ እስኪያወጣ መናጥ አያስፈልግም። የጫጩቷን ጭንቅላት ወደ ጎን አዘንብሎ፣ ማንጠባጠቢያውን ቀጥ አድርጎ፣ ዓይኗን ሳይነኩ አንድ ጠብታ መጣል ነው። ጠብታው ዓይኗ ላይ ጥቂት ይንቀጠቀጣል፣ ታርገበግባለች፣ ከዚያ ሰርጎ ይጠፋል። ይህን ሳያዩ አይልቀቋት። ወደ ላባዋ ከፈሰሰ ይደገም። የተበጠበጠው በረዶ ላይ ሆኖ በ2 ሰዓት ውስጥ ያልቅ።

በመጠጥ ውሃ መስጠት ለጥቂት ጫጩቶች አይመከርም፤ ደካማዋ ተገፍታ ሳትጠጣ ትቀራለች። የግድ ከሆነ ክሎሪን የሌለው ውሃ ይሁን፣ በሊትር 2.5 ግራም ቅባት የሌለው የወተት ዱቄት ይግባበት።

የታመመች ጫጩት አትከተብም። በሽታው አስቀድሞ ከገባ ክትባት አያስቀረውም፤ መከላከያው ለመጠንከር ከሳምንት እስከ ሁለት ሳምንት ይፈልጋልና። በትንሽነቷ የተከተበችም ከእናቷ የወረሰችው መከላከያ ክትባቱን ስለሚያዳክመው ድጋሚ ያስፈልጋታል። ደግሞም የፈንግል ክትባት ለፈንግል ብቻ ነው፤ ጉምቦሮ የተባለው ሌላው የዶሮ በሽታ የራሱ ክትባት አለው፣ ደም የተቀላቀለበት ኩስ ካዩም ኮክሲዲዮሲስ የተባለውን የአንጀት በሽታ ይጠርጥሩ።

ሻጮች ክትባቱን ከመበጥበጫውና ከማንጠባጠቢያው ጋር፣ በበረዶ ብቻ እንዲሸጡ እንጠይቃለን። አርቢዎችም የተረፈውን ለነገ ከማቆየት ጎረቤት ተቀጣጥሮ አንዱን ብልቃጥ በዚያው 2 ሰዓት ውስጥ ቢጠቀምበት ይሻላል። ትርፉ ይቀቀል ወይም ይቃጠል፤ የሰው ዓይን ውስጥ ከገባ ያስቆጣልና እጅ ሳይታጠቡ ዓይን አይታሽ።