ቅጠሉን ሳታዩ መድኃኒት አትሽጡልን

ለ፦ ችግኝ፣ ዘርና የእርሻ መድኃኒት ለሚሸጠው ድርጅት ሥራ አስኪያጅ
አዲስ አበባ

ነሐሴ 12 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጉዳዩ፦ የቲማቲም ችግኝ ስገዛና ምክር ስጠይቅ የደረሰብኝን ጉዳት ይመለከታል

ጤና ይስጥልኝ።

ኮተቤ አካባቢ የምኖር ደንበኛችሁ ነኝ። መጋቢት መጨረሻ ላይ ከሱቃችሁ 18 የቲማቲም ችግኝ ገዛሁ። ግቢዬ ጠባብ ስለሆነ በማዳበሪያ ከረጢት አፈርና ፍግ ሞልቼ ተከልኳቸው። ዛሬ አንድም አልቀረልኝም። ተክል እንደሚሞት አውቃለሁ፤ በዚያ ብቻ ቢሆን ደብዳቤ አልጽፍም ነበር። ያስከፋኝ ሁለት ጊዜ ጨንቆኝ ሱቃችሁ ድረስ መጥቼ፣ ሁለቱንም ጊዜ የማያስፈልገኝን ነገር ገዝቼ መመለሴ ነው። «እስቲ ቅጠሉን ልየው» ያለኝ ሰው የለም።

ከመጀመሪያው ልጀምር። ግንቦት መገባደጃ ላይ ፍሬዎቹ እንቁላል ሲያክሉ ከታች፣ አበባው በነበረበት በኩል፣ እየጠቆሩ ገቡ። ጥቁሩ ቦታ ደረቅና ጎድጎድ ያለ ነው። ሱቅ መጥቼ ለሚሸጠው ልጅ ማስረዳት ጀመርኩ። ገና ሳልጨርስ «በሽታ ነው ማዘር፣ አይዞሽ» አለኝ። ከትልቅ ከረጢት ቢጫ መሰል ዱቄት በማንኪያ እየዘገነ በፌስታል ቋጠረልኝ። ስም የለው፣ የተሠራበት ቀን የለው፣ የአጠቃቀም ጽሑፍ የለው። «በአንድ ባልዲ ውሃ ሁለት ማንኪያ» አለኝ፣ በቃ። ጉልበት ይሆነዋል ብሎ አንድ ኪሎ ዩሪያም ጨመረልኝ።

ያ ጥቁረት ግን ከተክል ወደ ተክል የሚጋባ በሽታ አልነበረም። ፍሬው ካልሲየም ሲያጣ የሚመጣ ጉዳት ነው። ካልሲየሙ አፈሩ ውስጥ ሞልቶ ሊሆን ይችላል፤ ወደ ፍሬው የሚደርሰው ግን ከውሃ ጋር ተጉዞ ነው። ውሃ ሲቆራረጥ እሱም ይቆራረጣል። ቀድሞ የሚጎዳው ከግንዱ የራቀው የፍሬው ጫፍ ነው። እኛ ሰፈር ደግሞ ውሃ በፈረቃ ነው፤ በሦስት ቀን አንዴ ይመጣል። በመጣ ቀን ከረጢቶቹን አጥለቀልቃቸው ነበር። በማግስቱ ፀሐይ ሲመታቸው አፈሩ እንደ ጡብ ይደርቃል። ልጁ «ውሃ እንዴት ነው የምታጠጪው?» ብሎ ቢጠይቀኝ ኖሮ ነገሩ እዚያው ባለቀ። ጀሪካን ሞልቼ አስቀምጬ በየጠዋቱ ጥቂት ጥቂት ማጠጣት፣ አፈሩንም በገለባ መሸፈን ይበቃኝ ነበር። ይህን በዱቄት ማዳን አይቻልም። ዩሪያው ደግሞ ጭራሽ አባሰው። ዩሪያ የናይትሮጅን ማዳበሪያ ነው፤ ናይትሮጅን ሲበዛበት ተክሉ ቅጠል በቅጠል ይሆናል፤ ያለችውንም ካልሲየም ቅጠሉ ይሻማል። እኔ ግን ቅጠሉ ሲደነድን አይቼ መድኃኒቱ ሠራ ብዬ ደስ ብሎኝ ነበር።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ የሚከተለው ነው። ዱቄቱን ከረጨሁ በኋላ የተረፉት ፍሬዎች መቅላት ጀመሩ። ይበላል ወይ ብዬ ልጁን ደውዬ ጠየቅኩት። «ታጥቦ ይበላል» አለኝ። የ5 ዓመት የልጅ ልጄ ከተክሉ እየቀጠፈች በላች። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ምንም አልሆነችም። በኋላ ግን እያንዳንዱ የእርሻ መድኃኒት ከተረጨ በኋላ ፍሬው ሳይለቀም የሚቆይበት የቀን ብዛት እንዳለው ተረዳሁ። የቀኑ ብዛት ማሸጊያው ላይ ይጻፋል። የእኔ ማሸጊያ ፌስታል ነው። ስንት ቀን መጠበቅ እንደነበረብኝ ዛሬም አላውቅም። ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ሐምሌ ገባ። ዝናቡ ሌት ተቀን ነው፣ ብርዱም ያው የምታውቁት ነው። አንድ ጠዋት ስነሳ ቅጠሉ ላይ የፈላ ውሃ የፈሰሰበት የሚመስል ቡናማ ነገር አየሁ። ገልብጬ ሳየው ከሥሩ ነጭ ሻጋታ መሰል ነገር አለው። ግንዱም ጠቁሯል። ሦስት ቅጠል በላስቲክ ጠቅልዬ ወደ ሱቃችሁ ሮጥኩ። ልጁ ላስቲኩን እንኳ ሳይፈታ «ትል ነው» ብሎ አንድ ጠርሙስ አወጣልኝ። ጠርሙሱ ላይ ቱታ የሚባለው የቲማቲም ትል ተስሏል። ቱታ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2012 ገደማ አገራችን ከገባ ወዲህ ቲማቲም አምራቹን እንዳስለቀሰ ማንም ያውቃል። ነገር ግን ቱታ የገባበት ቅጠል ይለያል። ትሉ የቅጠሉን ውስጥ ይበላና ሁለቱን ቆዳ ያስቀራል፤ ወደ ብርሃን ሲይዙት ያሳያል፣ ውስጡም ጥቁር ኩስ አለ። የእኔ ቅጠል እንዲህ ያለ ነገር አልነበረበትም።

የእኔ ምች የሚባለው የተክል በሽታ ነበር። ድንችንም ቲማቲምንም የሚፈጀው፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1840ዎቹ አየርላንድ ውስጥ ድንቹን አጥፍቶ ሕዝብ ያስራበው ያው በሽታ። ፀረ ነፍሳት ለዚህ ምን ይሠራል? ምንም። እኔ ግን መድኃኒቱን ስረጭና ስጠብቅ ስድስት ቀን አለፈ። ምች ደግሞ በዝናብና በብርድ ስድስት ቀን ካገኘ ሌላ አይፈልግም። 18ቱም እንደ ተቃጠለ ጨርቅ ሆኑ። አጥሩን ተሻግሮ የጎረቤቴን የእማማን ድንችም ያዘው። እሳቸው ምንም ቃል አልተናገሩኝም። እኔ ግን በአጥሩ በኩል ባለፍኩ ቁጥር አፍራለሁ።

በመጨረሻ የወረዳችን የከተማ ግብርና ባለሙያ ግቢዬ መጥቶ ያየውን አስረዳኝ። ከላይ የጻፍኩትን አብዛኛውን ያወቅኩት ከእሱ ነው። ግማሽ ሰዓት አልፈጀበትም። ማንኮዜብ የመሰለው ፀረ ፈንገስ ቅጠሉን ቀድሞ የሚሸፍን እንጂ ውስጥ የገባውን ምች የሚያወጣ እንዳልሆነ ነገረኝ። ምልክቱን ባየሁበት ቀን የታመሙትን ነቅዬ፣ በላስቲክ አስሬ ብጥላቸው ቢያንስ የእማማ ድንች የመትረፍ ዕድል ነበረው። ከሁሉ በፊት ግን አዲስ አበባ ላይ ቲማቲም በክረምት ያለ ላስቲክ ጣሪያ ዝናብ ከመታው ከምች ማምለጡ ከባድ ነው። ችግኙን በመጋቢት ስትሸጡልኝ ፍሬው ክረምት ላይ እንደሚደርስ ታውቃላችሁ። አንድ ሰው «ጣሪያ ሥሪለት፣ አራርቀሽ ትከይ፣ መሬት የሚነካውን ቅጠል ቁረጪ፣ ውሃ ቅጠሉ ላይ አታፍስሺ» ቢለኝ ምን ነበረበት? የችግኙ ዝርያ ምን እንደሆነ ስጠይቅ እንኳ «የፈረንጅ ነው» ነው የተባልኩት። ዝርያውን ባውቅ ምን እንደሚቋቋምና ምን እንደማይቋቋም ጠይቄ እለይ ነበር።

ያወጣሁት ገንዘብ ለችግኝ 270፣ ለዱቄቱ 350፣ ለዩሪያ 120፣ ለጠርሙሱ 650 ብር ነው። በድምሩ 1,390 ብር። ደረሰኝ የሰጣችሁኝ ለችግኙና ለጠርሙሱ ብቻ ነው። የዱቄቱን፣ የዩሪያውንና የጠርሙሱን 1,120 ብር እንድትመልሱልኝ እጠይቃለሁ። የችግኙን ተዉት፤ ችግኙ ጥፋት አልነበረበትም።

ከገንዘቡ በላይ የምፈልገው ሌላ ነው። መድኃኒት ከማሸጊያው አውጥታችሁ በፌስታል መሸጥ አቁሙ። በአገራችን የፀረ ተባይ ምዝገባና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 674/2002 ወጥቷል፤ እናንተም ነጋዴ ናችሁና ከእኔ በተሻለ ታውቁታላችሁ። ምልክት የሌለው መርዝ ቤቴ መግባት አልነበረበትም። ሱቅ የምታቆሙት ሰው ደግሞ ቅጠል ማየት የሚችል ይሁን። ልጁን አባርሩት እያልኩ አይደለም። ትሑት ልጅ ነው፣ ያስተማረው የለም እንጂ። አንድ ሳምንት ከባለሙያ ጋር ቢውል ምችን ከቱታ፣ የውሃ እጥረትን ከበሽታ መለየት ይችላል። ከሁሉ በፊት «መድኃኒት አያስፈልግሽም» ለማለት ፈቃድ ስጡት።

መልሳችሁን በ15 ቀን ውስጥ በጽሑፍ እጠብቃለሁ። ካልደረሰኝ ለሸማቾች ጥበቃ ጉዳይ ለሚመለከተው ቢሮ አቀርባለሁ።

አንድ ነገር ቀረ። ከዱቄቱ ግማሽ ያህሉ አሁንም ቤቴ አለ። ልጅቷ እንዳትደርስበት ቁም ሣጥን ውስጥ ሰቅዬ ቆልፌበታለሁ። ምን እንደሆነ ስለማላውቅ ቆሻሻ ላይ መጣልም፣ ቱቦ ውስጥ መድፋትም ፈራሁ። ሰው ልካችሁ ውሰዱልኝ።

ከሰላምታ ጋር
የኮተቤዋ ደንበኛችሁ