እማዬ፣ ያንቺን ታሪክ የያዘ መጽሐፍ አጣሁ

ውድ እማዬ፣

ለጤናሽ እንደምን ከርመሻል? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ባሕር ዳር ሰሞኑን ጠዋት ጠዋት ይበርዳል። ረፋዱ ላይ ግን ፀሐዩ እንደምታውቂው ነው።

ባለፈው በስልክ «ስንት ደስ የሚል መጽሐፍ እያለ ምን ይሁን ብለሽ ነው የግፍ ዘመን የምታነቢው?» አልሽኝ። መልሱ በስልክ የሚያልቅ ስላልሆነ ነው የምጽፍልሽ። መነጽርሽን አድርገሽ ረጋ ብለሽ አንብቢልኝ።

ነገሩ የጀመረው በ2015 ክረምት የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ ነው። ከጓደኞቼ ጋር መጽሐፍ መዋዋስ ያዝን። እሑድ እሑድ ጣና ዳር ቡና እየጠጣን ያነበብነውን እናወራለን። መጀመሪያ ያገኘነውን ሁሉ ነበር የምናነበው። ቀስ በቀስ ግን ሁላችንም ወደ አንድ ዓይነት መጽሐፍ አዘነበልን። ሥልጣን በጉልበት ሲያዝ አገር ምን እንደሚሆን፣ ሰው ከዚያ በኋላ እንዴት ውሎ እንደሚያድር የሚናገር መጽሐፍ።

ከእነዚህ መጻሕፍት የገባኝ፣ ግፍ በራሱ ስም እንደማይመጣ ነው። በጎ ስም ይዞ ነው የሚመጣው። መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. የደርግ ሰዎች ንጉሡን በቮልስዋገን ጭነው ሲወስዷቸው መፈክሩ «ያለምንም ደም ኢትዮጵያ ትቅደም» ነበር። ሁለት ወር ተኩል ሳይሞላ፣ ኅዳር 14፣ ስልሳ ያህል ሰው ያለ ፍርድ ተረሸነ። ቺሌ ላይ ጄኔራሎቹ የተመረጠውን መንግሥት የገለበጡት በእኛ አቆጣጠር ልክ የ1966 እንቁጣጣሽ ዕለት ነው። ከዚያ ወታደሮች ከሰው ቤት መጽሐፍ እያወጡ መንገድ ላይ አቃጠሉ። ጀርመን ደግሞ ሂትለር ሥልጣን በያዘ በአራተኛው ወር መጽሐፍ ያቃጠሉት ራሳቸው የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ናቸው።

ይሄን ሳነብ አያቴ ትዝ አለችኝ። የነገረችኝ አክስቴ ናት፣ አንቺ አልነገርሽኝም። በ1969 አሰሳ፣ የቤት ለቤት ፍተሻ፣ መጣ ሲባል አያቴ የአጎቴን መጻሕፍት ምጣድ ሥር ማገደቻቸው። ፊደል ስለማታውቅ የትኛው እንደሚያስገድል መለየት አልቻለችም። ስለዚህ ሁሉንም ማገደች። የሂሳቡንም፣ የእንግሊዝኛ ሰዋስዉንም። እንጀራው ተጋገረ፣ ተበላም። ማንም ወታደር ገና በራችንን አላንኳኳም ነበር።

ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1971፣ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ሲጀመር ያቺው አያቴ ደብተር ይዛ ቀበሌ ሄዳ ፊደል ቆጠረች። መጽሐፍ ያስቃጠላት መንግሥት ማንበብ አስተማራት። እስክትሞት ድረስ ዳዊቷን ራሷ ነበር የምትደግመው። እማዬ፣ እነዚህን ሁለቱን አንድ ላይ የያዘ መጽሐፍ እስካሁን አላገኘሁም። አንዱ ዘመኑን ይረግማል፣ ሌላው ያወድሳል። እንደ አያቴ ሁለቱም የደረሰበት ሰው የት ይግባ?

ስለዚያ ዘመን የተጻፈው ጥቂት አይደለም። ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለማርያም የራሳቸውን ጽፈዋል። ከደርግ ባለሥልጣናት ፍቅረሥላሴ ወግደረስ ጽፈዋል፣ ፍስሐ ደስታም። ከዘመኑ ባላንጣ ድርጅቶች ደግሞ ከኢሕአፓ በኩል ክፍሉ ታደሰ፣ ከመኢሶን በኩል አንዳርጋቸው አሰግድ ወፋፍራም መጻሕፍት አሏቸው። ሕይወት ተፈራም ስለ ወጣትነቷ፣ ስለ ድርጅቷ ኢሕአፓና ስለ እስር ዓመታቷ ጽፋለች። ከሁሉም እሷን ነው የወደድኳት፤ የራሷ ድርጅት በገዛ ልጆቹ ላይ የሠራውን ሳትሸፋፍን ነገረችን። ሁሉንም አክብሬ ነው ያነበብኩት። ግን አብዛኛው የሚያወራው ሥልጣን የያዘ ወይም ሥልጣን ለመያዝ የታገለ ሰው ነው። ስብሰባ፣ አንጃ፣ ማን ማንን ከዳ። ለስኳር ቀበሌ ሱቅ የተሰለፈችው ሴት የለችበትም። ከሥራ ሰዓቷ ተጠርታ የውይይት ክበብ ተቀምጣ፣ ላልገባት ንግግር ያጨበጨበችውም የለችም።

የልብ ወለዱ ሰዎች በዚህ ይሻላሉ። የኛው የአቸፈሩ ሰው አቤ ጉበኛ በንጉሡ ዘመን «አልወለድም»ን ጻፈ። ማኅፀን ውስጥ ያለ ልጅ እዚህ አገር አልወለድም ብሎ ይሟገታል። ታገደ። በዓሉ ግርማ ማስታወቂያ ሚኒስቴር እየሠራ፣ አስመራ ላይ በኤርትራ አማፅያን ላይ የተከፈተውን የቀይ ኮከብ ዘመቻ ከውስጥ አይቶ፣ በ1975 «ኦሮማይ»ን አወጣ። መጽሐፉ ከገበያ ተሰበሰበ፣ እሱም ከሥራው ተባረረ። በየካቲት 1976 ከቤቱ እንደወጣ ቀረ። አንድ ነገር ልጠይቅሽ፦ ያኔ እናንተ ቢሮ ተደብቆ ያነበበው ሰው ነበር?

ስለዚያ ቢሮ የነገርሽኝ አንድ ታሪክ ብቻ ነው፣ እሱንም ሽንኩርት እየላጥሽ በአንድ አፍ ተናግረሽ ወሬ ቀየርሽ። ደብዳቤ በታይፕ ስትመቺ መጨረሻው ላይ «ኢትዮጵያ ትቅደም» ከሚለው የመጨረሻዋ ፊደል ወደቀችብሽ። ወረቀቱን ቅርጫት ውስጥ መጣል ፈራሽ። ቀዶ መጣልም ያስጠይቃል። አጣጥፈሽ ጡት መያዣሽ ውስጥ ወሸቅሽው፣ እስከ ማታ እዚያው ዋለ፣ ቤት ገብተሽ አቃጠልሽው። ስለ አምባገነን ሥርዓት የሚተነትን ስንት ወፍራም መጽሐፍ አንብቤያለሁ። ፍርሃት ምን እንደሆነ እንደዚያ ወረቀት ያሳየኝ የለም።

ሶቭየት ኅብረት ውስጥ የታገደ መጽሐፍ ሌሊት ሌሊት በታይፕ ነበር የሚባዛው። ስስ ወረቀት ይደራረባል፣ በየመሃሉ ካርቦን ይገባል፣ በአንድ ምት አራት አምስት ቅጂ ይወጣል። የመጨረሻው ደብዝዞ በግድ ነው የሚነበበው። መቺዎቹ ብዙዎቹ ሴቶች ነበሩ። ያንቺን ሥራ የሚሠሩ ሴቶች፣ ካርቦን ያጠቆረው ጣት ያላቸው።

አና አክማቶቫ የምትባል ገጣሚ ደግሞ እዚያው አገር ልጇ በስታሊን ዘመን ታስሮባት 17 ወር ሌኒንግራድ እስር ቤት በር ላይ ተሰልፋለች። ግጥሞቿን ወረቀት ላይ ማቆየት ስለማይቻል ብጣሽ ላይ ጽፋ ለወዳጇ ታሳያታለች፣ ወዳጇ በቃሏ ትይዘዋለች፣ ከዚያ ወረቀቱ ይቃጠላል። ግጥሙ በአገሯ የታተመው በፈረንጆቹ 1987 ነው፣ እሷ ከሞተች 20 ዓመት አልፎ። መግቢያው ላይ አንድ ቀን ሰልፉ ውስጥ ከንፈሯ በብርድ የጠቆረ ሴት ጠጋ ብላ በሹክሹክታ ይህን መጻፍ ትችያለሽ ወይ ብላ እንደጠየቀቻት ትናገራለች። እችላለሁ ብላ መለሰችላት።

ይሄን ገጽ ሳነብ መጽሐፉን አስቀምጬ ወደ ውጭ ወጣሁ። አጎቴ ሲታሰር ስንቅ ያመላለስሽው አንቺ ነሽ። አገልግሉ ሳይከፈት ሲመለስ ሰው ምን እንደሚገባው ሁላችንም ሰምተናል። አጎቴ ተፈታ፣ ተመስገን። ካንቺ ጎን ከተሰለፉት ውስጥ ግን አገልግላቸው የተመለሰባቸው ነበሩ። ማን ነበሩ? ምን ተባባላችሁ? ዘበኛው ሲጮህባችሁ ማን መለሰለት? የዚያ በር ሰልፍ በየትኛውም ሚኒስትር ትዝታ ውስጥ የለም። ያለው አንቺ ዘንድ ነው።

ለዚህ ነው የማነበው፣ እማዬ። ያለፈውን ለመቆስቆስ አይደለም። እኔም ልጆች እያሳደግሁ ነው። ሰው በጎ ስም ይዞ ሲመጣባቸው ምን ማየት እንዳለባቸው እንዲያውቁ እፈልጋለሁ። ያን ደግሞ ከሹሞቹ ትዝታ ይልቅ ካንቺ ቢሰሙት ይሻላል።

ስለዚህ እባክሽ ንገሪኝ። ወንድሜ ስልክሽ ላይ ድምፅ መቅጃውን ያሳይሻል። በቀን ሩብ ሰዓት ይበቃል፣ ከፈለግሽበት ጀምሪ። ስማቸው እንዲነሳ የማትፈልጊውን ዝለያቸው፤ ልጆቻቸው ዛሬም ጎረቤቶቻችን ናቸው። የሚከብድሽ ቦታ ላይ ስትደርሺ አቁሚው። እኔ እዚህ እተይበዋለሁ፣ አትሜ እልክልሻለሁ፣ ያልወደድሽውን በእስክሪብቶ ሰርዢው። የተሰረዘ አይመለስም፣ ቃሌ ነው።

ለጥምቀት ትመጪ እንደሆን ቶሎ አስታውቂኝ፣ ትኬት ልቁረጥልሽ። ወንድሜንና ሚስቱን ሰላም በይልኝ።

ልጅሽ፣
ከባሕር ዳር