ጁኖን ከዚያች ክፍል አታውጧት

ይድረስ ለተከበሩ አዘጋጅ፤

የአየርላንዳዊውን ጸሐፌ ተውኔት የሾን ኦኬሲን «ጁኖና ጣዎሱ» የተሰኘ ቴአትር ለቴሌቪዥን ስለማዘጋጀት በጥበብ ዓምዳችሁ የወጣውን ጽሑፍ አነበብኩ። ጸሐፊው ታሪኩ በአንዲት ክፍል ታፍኗል፤ ካሜራው ጎዳና ወጥቶ እ.ኤ.አ. የ1922ቱን የአየርላንድ የእርስ በርስ ጦርነት ያሳየን ባይ ናቸው። እኔ ግን አልስማማም።

የምኖረው ደብሊን ነው። እዚህ ሄንሪዬታ ጎዳና ላይ፣ ቁጥር 14፣ ዛሬ ሙዚየም የሆነ ቤት አለ። የተሠራው ለመኳንንት ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1911 ቆጠራ ግን 17 ቤተሰቦች፣ በጠቅላላው 100 ሰዎች ኖረውበታል። ደረጃውን ስወጣ በቴአትሩ ያለው የጁኖና የባሏ የቦይል ደሀ ቤተሰብ ትዝ አለኝ። እንዲህ ባለ ቤት ጦርነቱን ፍለጋ ውጭ መውጣት አያስፈልግም፤ በር ገፍቶ ይገባል። ልጅየው ጆኒ አንድ ክንዱን አጥቷል፤ ጓደኛውንም አሳልፎ ሰጥቷልና በር በተንኳኳ ቁጥር ይበረግጋል። ዓይኑ በእመቤታችን ሥዕል ሥር ከምትበራው ቀይ መብራት ላይ አይነቀልም። መብራቷ ስትጠፋ ታጣቂዎቹ ይመጡበታል። ከዚህ በኋላ የጥይት ድምፅ ምን ይጨምራል?

አልፍሬድ ሂችኮክ እ.ኤ.አ. በ1930 ፊልም ሲያደርገው መግቢያው ላይ የአደባባይ ንግግር ጨምሮበታል። እኔ ዘንድ የቀረው ግን የሣራ ኦልጉድ ፊት ነው፤ ተውኔቱ እ.ኤ.አ. በ1924 በደብሊኑ አቢ ቴአትር ለመጀመሪያ ጊዜ ከታየበት ጀምሮ ጁኖን የተጫወተችው እርሷ ናት።

ሌላው ስጋቴ አባወራው ነው። «ካፒቴን» ቦይል ሥራ ሲነሣ እግሩን ያመዋል፤ ባሕርተኛነቱም፣ ሚስቱ እንደምትለው፣ አንዴ በከሰል መርከብ ሊቨርፑል ደርሶ መመለስ ነው። ውርስ አገኛለሁ ብሎ በዱቤ ቤቱን በዕቃ ሞላው፤ ላም አለኝ በሰማይ ሆነና ዕቃው ተጭኖ ሄደ። ያስቃል፤ ግን ሚስቱ የምትከፍለው ዋጋ ካልታየ ተራ ቧልት ይሆናል።

መጨረሻውንም እንዳትነኩት ለአዘጋጆቹ ንገሩልኝ። ጁኖ ስለ ልጇ ስለ ጆኒ አልቅሳ፣ ነፍሰ ጡር ሴት ልጇን ሜሪን ይዛ ከሄደች በኋላ፣ ባልየው ከጓደኛው ከጆክሰር ጋር ሰክሮ ባዶ ክፍል ይገባል። ልጁ መገደሉን አያውቅም፤ ዓለም ተመሰቃቅላለች እያለ ይለፈልፋል። ልቅሶው ላይ ማብቃት ለተመልካች ይቀላል። ኦኬሲ ግን ሰካራሞቹን ያስገባው አውቆ ነው፤ ካሜራው እነርሱ ወለሉ ላይ እስኪዘረጉ ድረስ ይቆይ።

አክባሪያችሁ፣
አንድ አንባቢ፣ ከደብሊን